ጌታሁን ወደ አርጆ፣ ጫልቱ ወደ ነቀምቴ

ተቀምጦ መዋል የማይሆንላቸው ሰዎች አሉ። ቤቱ ሞቃት፣ ጨዋታው ደኅና፤ እነሱ ግን እሾህ ላይ እንደ ተቀመጡ ይቁነጠነጣሉ። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ብትሏቸው፣ ተረቱን እንኳ እስኪያልቅ አይሰሙም።

በንጉሡ ዘመን ነቀምቴ አብሮኝ ያስተምር የነበረው የጎጃሙ ጌታሁን እንዲህ ያለ ሰው ነበር። ክፍል ውስጥ ከበር መስኮት፣ ከመስኮት በር ሲመላለስ የተማሪው አንገት ይዞራል።

ይህ ሰው ጫልቱን ወደደ። የነቀምቴ ልጅ ናት፤ ሥራዋ ግን አርጆ ጤና ጣቢያ፣ ነርስ። እናቷን ልትጠይቅ ስትመጣ ተዋወቁ፤ እሱ በተሰባበረ ኦሮምኛ፣ እሷ በጠራ አማርኛ ተግባብተው ተጫጩ። ክረምት ገብቶ መንገዱ ሲጨቀይ ጌታሁን እንቅልፍ አጣ። ምክትል ዳይሬክተርነቱ ለሱ ታስቦ ስለነበር “ጥቂት ታገሥ” አልነው። ማን ሰምቶ! አርጆ ለመዛወር አመለከተ፤ ተፈቀደለትም። ለሷ ትንፍሽ አላለም፤ ድንገት ደርሶ ሊያስደስታት።

አርጆ ሲደርስ ከጭነት መኪናው ከነጭቃው ወርዶ ጤና ጣቢያው ገባ።

“ጫልቱማ ዛሬ ጠዋት ነቀምቴ ተዛወረች” አለው ድሬሰሩ፤ “እጮኛዋ እዚያ ነው አሉ።”

መንገድ ላይ ተላልፈው ኖሯል። እንዲያውም ሹፌሮቹ ሰላም ሲባባሉ እሱም አብሮ እጁን አውለብልቧል!

በማግስቱ ነቀምቴ ተመልሶ፣ “መልሱኝ” ሊል ትምህርት ቢሮ ደጅ ቆመ። ሹሙ ሳቃቸውን እየዋጡ፣ “አርጆ ካልሄድኩ እሞታለሁ ያሉት እርስዎ አይደሉም? ይሂዱና ይኑሩ እንግዲህ” አሉት።

ጫልቱ ግን አልሳቀችም። “ማሎ፣ ምነው ጌታሁን! አንድ ቃል መላክ ምን ይከብዳል?”

“አንቺስ?”

እንባዋ መጣ። “እኔ ከእንግዲህ ለማንም አልዛወርም።”

ነገሩ መች በዚህ አበቃ! የአርጆው ዳይሬክተር ጡረታ ወጡና ጌታሁን ተሾመ። ነቀምቴ ጥሏት የመጣው ሹመት፣ በማይፈልጋት ቀን አንገቱ ላይ ተጠመጠመች። “እንኳን ደስ ያለህ” ሲሉት ፊቱን በመሐረብ ሸፈነ፤ የደስታ መሰላቸው።

ተጋቡ። እሱ አርጆ፣ እሷ ነቀምቴ፤ ቅዳሜ ጭነት ላይ ተሳፍሮ ይመጣል፣ ሰኞ ጎሕ ሲቀድ ይመለሳል። እኔ ሳዝንለት እሱ ፊቱ ወዛ።

አንድ ቀን ጫልቱን “መለያየቱን እንዴት ቻልሽው?” አልኳት።

“ተወኝ እባክህ” አለችኝ፤ “ዕረፍት ሆኖ ቤት ሲውል፣ አልጋና ቁምሳጥኑን እያዛወረ ነው መከራዬን የሚያበላኝ።”