የታፈረ ማሲንቆና የሹካው ድምፅ

የሰርግ ቪዲዮ የሚያይ ሰው ጆሮ የለውም ብዬ አምን ነበር። እስቲ እናንተው ፍረዱኝ፤ የራሳችሁን ሰርግ ስታዩ ዐይናችሁ የሚሮጠው ማን ወፈረ፣ ማን ከማን ጎን ተቀመጠ የሚለውን ለማጣራት አይደለም? ድምፁማ የታወቀ ነው። ቪዲዮ ቀራጩ የአዳራሹን ጫጫታ ያጠፋና ስቱዲዮ የተሠራ ጥርት ያለ ዘፈን ይለጥፍበታል። ዘፈኑ ሌላ፣ የሙሽራው ትከሻ ሌላ። ቅር ያለው ሰው ገጥሞኝ አያውቅም።

ያ ቀራጭ እኔ ነኝ። እዚህ ባሕር ማዶ፣ በአዘቦቱ ቀን ሚራክል ማይል በሚባል ሰፈር የሰው መኪና እየተቀበልኩ አቆማለሁ፤ ቅዳሜና እሁድ ካሜራ እሸከማለሁ። ፌርፋክስ መንገድ ላይ ባለው የእትዬ አልማዝ ምግብ ቤት፣ እሁድ ከሰዓት ታፈረ የሚባል ሰው ማሲንቆ ይጫወት ነበር። የባላገር ዘፈን ነው፤ ግጥሙን እዚያው እየፈጠረ፣ የሰው ስም እያስገባ፣ የዛሬውን ነገ ሳይደግም። እትዬ አልማዝ ለማስታወሻ ይሁን ብለው አራት ዓመት አስቀረጹኝ። የመጀመሪያውን ቪዲዮ ሲያዩ ግን ተቆጡ።

«ሶ ይሄ የሹካ ኖይዝ ምንድነው? ካት አድርገውና ክሊን ነገር አስገባበት እንጂ!»

ሰርገኛው ሁሉ የሚለኝ ስለሆነ አልከበደኝም። ሹካውን ቆረጥኩ። ታፈረም አብሮ ተቆረጠ። የኪቦርድ ዘፈን ለጠፍኩበትና ዋናው ድምፅ የነበረበትን የካሜራ ካርድ ለሚቀጥለው ሰርግ ብዬ አጠፋሁት። አራቱንም ዓመት እንዲሁ።

ዘንድሮ ታፈረ ሞተ። በሁለተኛው ወር ልጁ ሰብለ መጣች፤ በሦስት ዓመቷ አገር ቤት ትቷት፣ የመግቢያ ወረቀቷን ሲጠብቅ የኖረላት ልጅ። ካልቨር ሲቲ የምትኖር አክስቷ ጋ አርፋ፣ ጠይቃ ጠይቃ ቤቴ ድረስ መጣች።

«ጋሼ፣ በስልክ ሲያወራ እንጂ ሲዘፍን አንድ ቀን አልሰማሁትም። እርስዎ ጋ አለ አሉኝ።»

እውነቱን መናገር አቃተኝ። ቪዲዮውን ከፈትኩላት። ታፈረ አንገቱን ሰበር አድርጎ ማሲንቆውን ይገዘግዛል፤ የሚሰማው የሌላ ሰው ድምፅ ነው። መጀመሪያ ፈገግ አለች። ከዚያ እጁን አየች፣ አፉን አየች፣ ገባት። ብትጮህብኝ ይሻለኝ ነበር።

«ድምፁን ያጥፉልኝ» አለች።

ድምፁን አጥፍቼ አየነው። በዕድሜዬ እንደዚያ አፍሬ አላውቅም። አራት ዓመት ሙሉ አጠገቡ ቆሜ አንዲት ስንኝ አልያዝኩም፤ ሐሳቤ ሁሉ መብራቱ ላይ ነበር። ድንገት ወደ ስክሪኑ ተጠጋችና ወደ ኋላ ይመልሱልኝ ብላ በእጇ አሳየችኝ። መለስኩላት። ደግማ፣ ሦስተኛም አየች።

«እዚህ ጋ ሰብለ ያለ ይመስለኛል። ጠርቶኛል?»

የሚያውቀው እግዜር ነው። እኔ ግን ፊቷን አየሁና «አዎ፣ ጠርቶሻል» አልኳት።

እንባዋን በእጇ ጠረገች። ስልኳን አወጣችና መቅረጫውን ከፍታ አፌ ሥር አስጠጋችው።

«ምን ብሎ?»