በቁማቸው የተነበበ የሕይወት ታሪክ

እኛ ሐበሾች ሰውን በቁሙ ማመስገን አይሆንልንም። ሲሞት ግን ማን ይስተካከለናል? ዕድሜውን ሙሉ ጎረቤቱን ሲነዘንዝ የኖረ ሰው እንኳ በቀብሩ ቀን «ለሰው አዛኝ፣ እንግዳ ተቀባይ፣ ሳቂታና ተጫዋች» ይሆናል። ይህን ከእኔ በላይ የሚያውቅ የለም፤ እዚህ ቶሮንቶ በየለቅሶው የሚነበበውን የሕይወት ታሪክ የምጽፈው እኔ ነኛ። ኮምፒውተሬ ላይ አንድ የተዘጋጀ ጽሑፍ አለኝ። ስም ይቀየራል፣ የትውልድ ቦታ ይቀየራል፣ የልጆች ቁጥር ይስተካከላል፤ የቀረው ለሁሉም ይሆናል። እስካሁን ቅሬታ ያቀረበ ባለታሪክ የለም።

ዝናዬ ሴንት ጄምስ ታውን በምኖርበት ፎቅ ሁሉ ተሰምቶ ኖሮ፣ አንድ ቀን ኢቫ የምትባል ሴት በሬን አንኳኳች። አባቷ ጋሽ ስታኒስላቭ ግድግዳ የምንጋራ ጎረቤቴ ናቸው። «ጋሽ» ያልኳቸው እኔ ነኝ፤ ፖላንዳዊም ቢሆኑ ሽማግሌ በባዶ ስሙ መጥራት አፌ እምቢ ብሎኝ ነው። በአገራቸው የታወቁ የመድረክና የፊልም ተዋናይ ነበሩ። ሰማንያ አምስተኛ ዓመታቸውን ልናከብርላቸው ስለሆነ የሕይወት ታሪካቸውን ጽፈህ አንብብልን አለችኝ። እዚህ አገር ከመጡ ወዲህ ስለ ሥራቸው በሰው ፊት የተነገረላቸው ነገር የለም፤ ይሄ የመጀመሪያው፣ ምናልባትም የመጨረሻው ይሆናል አለች። ሁሉንም ሰማሁ። ራሴንም ነቀነቅሁ።

ቅዳሜ ቤታቸው ሄድኩ። ለካ ሲጠብቁኝ ኖረዋል። ሸሚዛቸውን ተኩሰው ለብሰዋል፤ ጠረጴዛውን ፎቶግራፍ በፎቶግራፍ አድርገውታል፤ ንጉሥ ሆነው፣ ቄስ ሆነው፣ ወታደር ሆነው። ሻይ ቀዱልኝ። አንዱን ፎቶ አንሥተው መተረክ ሲጀምሩ እኔ ሰዓቴን አየሁ። ኢቶቢኮ የምሠራበት መጋዘን ሺፍት ደርሶብኛል አልኳቸው። ውሸት ነው፤ ገና ሁለት ሰዓት ይቀረኝ ነበር። የማውቀው መስሎኝ ነው። ሰው ይወለዳል፣ ይማራል፣ ይሠራል፤ ምኑ ይጠየቃል? የአባታቸውንና የእናታቸውን ስም፣ የተወለዱበትን ከተማ ጻፍኩና ወጣሁ። ፎቶውን በእጃቸው እንደያዙ በር ድረስ ሸኙኝ። ይህን ስጽፍ አሁንም የምገባበት ይጠፋኛል።

በዓሉ የፎቃችን ምድር ቤት ባለው አዳራሽ ሆነ። ፖላንዶቹ መጥተዋል፣ የፎቁ ሰው መጥቷል፣ ልጄ ሶስና ፊት ወንበር ላይ ተቀምጣለች። ጽሑፉን ወደ እንግሊዝኛ መልሼዋለሁ፤ «ባደረባቸው ሕመም» የሚለውንም ጠንቀቅ ብዬ አውጥቻለሁ፤ ሞኝ እንዳልመስላችሁ። «በወላጆቻቸው እንክብካቤ አድገው፣ ዕድሜያቸው ለትምህርት ሲደርስ» ብዬ ስጀምር ድምፄ በራሱ ጊዜ የለቅሶ ድምፅ ሆነ። «በሥራ ባልደረቦቻቸው ዘንድ የተወደዱና የተከበሩ» አልኩ። የትኛው ሥራ? የትኛው ባልደረባ? ወረቀቱ ላይ የለማ። አንዲት ሴት መሐረብ አወጣች። እኔ ደግሞ ሰው ሲያለቅስልኝ እበረታለሁ። መጨረሻው ላይ ምላሴ የለመደውን መንገድ ይዞ ሄደ፤ ለቤተሰባቸው መጽናናትን ተመኘሁና ሕዝቡ ለአንድ ደቂቃ የኅሊና ጸሎት እንዲነሣ ጠየቅሁ።

ካናዳ ውስጥ ሰው በትሕትና ከጠየቁት ይነሣል። ተነሣ። ሶስና ብቻ እንደተቀመጠች፣ ቀስ ብላ፣ «ዳድ፣ ሂ ኢዝ ስቲል አላይቭ» አለችኝ፤ ሰውዬው እኮ በሕይወት አሉ ማለቷ ነው። ቀና ብዬ ሳይ ጋሽ ስታኒስላቭም ምርኩዛቸውን ተደግፈው ተነሥተዋል። አንገታቸውን ደፍተዋል። ደቂቃውን ሙሉ ንቅንቅ አላሉም። ልናገር? ዝም ልበል? በሩ በየት በኩል ነበር? እንዲህ አፍሬ አላውቅም፤ የማፍረው ደግሞ በጸሎቱ አልነበረም፤ ያ ሁሉ ሰው ስለ እሳቸው ሊሰማ መጥቶ ምንም እንዳልነገርኩት የገባኝ ያኔ ነው።

ደቂቃው ሲያልቅ ድምፅ ማጉያውን ከእጄ ተቀበሉኝ። ይቆጡኛል ብዬ ነበር፤ ቢቆጡኝ በተሻለኝ።

«እኔ መድረክ ላይ ብዙ ጊዜ ሞቻለሁ» አሉ ረጋ ብለው። «የሞተው ማን እንደሆነ ግን ተመልካቹ ሁልጊዜ ያውቅ ነበር።»

አዳራሹ በሳቅና በጭብጨባ ተናጋ። እኔም፣ ምን ላድርግ፣ አጨበጨብኩ።