አባ እርምጃ የተረሳውን መነጽር በእግራቸው ያደረሱበት ዘመቻ

በዘመነ ጡረታቸው በሦስተኛው ዓመት፣ ከሩቅ አገር መጥተው በልጃቸው ቤት በእንግድነት በተቀመጡ በዘጠነኛው ቀን፣ ዕለቱ ሐሙስ፣ ጊዜው ከጧቱ ሦስት ሰዓት ሲሆን፣ ሠላሳ ሁለት ዓመት ደብዳቤ በእግራቸው ያደሉ፣ የጫማ ሶል ፈጅተው የማይጠግቡ፣ የውሻ ጩኸት ከደጃፍ ያልመለሳቸው ፖስተኛው አባ እርምጃ፣ የልጅ ልጃቸው መነጽር ከቁርስ ጠረጴዛው ላይ ተረስቶ አዩ። አይተውም ደነገጡ፤ ብላቴናይቱ በአምስት ሰዓት በተማሪው ሁሉ ፊት የራሷን ግጥም ልታነብ ነበርና፣ ያለ መነጽር ደግሞ መምህርቷን ከባንዲራው እንጨት አትለይምና።

ወእምዝ ለልጃቸው ደወሉ። እርሷም ከመሥሪያ ቤቷ እንዲህ ስትል አዋጅ ነገረች፦

«አባዬ፣ ስብሰባ ላይ ነኝ! በዚህ ከተማ በእግር አይኬድም! ከቤት ንቅንቅ እንዳይሉ!»

ነገር ግን ትምህርት ቤቱ ከሳሎኑ መስኮት ፊት ለፊት ይታይ ነበርና፣ ባርኔጣቸውን ደፍተው፣ መነጽሩን በደረት ኪሳቸው አኑረው ወጡ።

ከተማይቱስ ለጎማ እንጂ ለእግር አልተሠራችም፤ የእግረኛው መንገድ ሃምሳ እርምጃ ያህል ሄዶ፣ ሐሳቡን እንደ ለወጠ ሰው ሣር ውስጥ ይቀራል። የሕዝቧም ልማድ፣ በእግሩ የሚሄድ ቢያይ መኪናው ተበላሽታበት ነው ብሎ ማዘን ነው። ወበእንተዝ ተከታያቸው በዛ፤ በፊት ባለ ጎታች መኪናው ገመዱን አዘጋጅቶ፣ ቀጥላ ጎማ ጠጋኟ ክሪኳን ይዛ፣ ከእርሷ ኋላ አንዲት ጡረተኛ ነርስ በጄሪካን ቤንዚን ጭነው፣ በስተመጨረሻ ትራፊክ ፖሊሱ በሞተር ሳይክሉ፣ ሁሉም በአባ እርምጃ እርምጃ ልክ እያዘገሙ፣ መኪናዋ የት እንደ ቆመች ይጠይቁ ነበር። አውራ ጎዳናው ዳር ሲደርሱ ግን አባ እርምጃ ዘወር ብለው አዋጅ አስነገሩ፦

«መኪና የለኝም! ኖሮኝም አያውቅ! ደግ ከሆናችሁ ይልቅ አሻግሩኝ!»

ሕዝቡም ይህን ሰምቶ ይብሱን አዘነ። ፖሊሱ ፊሽካውን ነፋ፤ ስምንት ረድፍ መኪና ቆመ፤ አባ እርምጃም ግራና ቀኛቸውን አይተው ተሻገሩ።

በትምህርት ቤቱ በር የሚገባው በመኪና ሰልፍ ብቻ ነበር። እርሳቸውም ከአንድ ነጭ ፒካፕ ኋላ፣ ከአንዲት ቀይ ትንሽ መኪና ፊት ተሰለፉ፤ ፒካፑ ሲራመድ ተራመዱ፣ ሲቆም ቆሙ፤ ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳልና። ተራቸው ደርሶ ዘበኛዋ መዝገብ ብትሰጣቸው የታርጋ ቁጥር ይጠይቃል። አባ እርምጃ ጥቂት አሰቡ፤ ጫማቸውን አውልቀው ሶሉን አነበቡና አርባ ሦስት ብለው ጻፉ። ዘበኛዋ መዝገቡን አየች፣ ጫማውን አየች፣ በሩን ከፈተች። ለአምስት ሰዓት ሁለት ደቂቃ ጉዳይ ነበር።

ብላቴናይቱም መነጽሯን ከአያቷ ተቀብላ አነበበች፤ ሳትደናቀፍ እስከ መጨረሻው አነበበች፤ አያቷም ከኋላ ቆመው ባርኔጣቸው ውስጥ አለቀሱ። እናቲቱ ከስብሰባዋ በርራ ስትደርስ፣ ልጅቱ ከደረጃው ላይ አዋጅ ነገረች፦

«ወደ ቤት በእግሬ ነው የምሄደው፣ ከአባባ ጋር!»

እናቲቱ አባቷን አየች፤ ልትቆጣ ብላ ሳቀች፤ ባለ ተረከዝ ጫማዋን በእጇ ይዛ ተከተለቻቸው። መኪናዋን ከበሩ ፊት ትታ ነበርና፣ ተስፋ ያልቆረጠው ባለ ጎታችም ከጧት ጀምሮ ሲፈልግ የዋለውን መኪና አገኘ።

ውእቱኬ አባ እርምጃ፣ ስምንት ረድፍ ያስቆመ፣ ልጁን ከመኪናዋም ከጫማዋም ያወረደ፣ ቤንዚን የማይጠጣ፣ ገመድ የማይጎትተው፣ ታርጋው አርባ ሦስት የሆነ!