አልሐምዱሊላህ ስንተኛው ሳጥን ነው?

ኢትዮጵያዊን «እንዴት ነህ?» ብሎ እውነተኛ መልስ የሚጠብቅ ሰው ወይ ሞኝ ነው፣ ወይ የጥናት ባለሙያ ነው! እኔ በአንድ ክረምት ሁለቱንም ሆኜ አይቼዋለሁ። ለባለሙያነቱ አበል ነበረው፤ ሞኝነቱን ግን በነጻ ነው የሠራሁት።

ያኔ ጅጅጋ የሒሳብ መምህር ነበርኩ። ከደብረ ማርቆስ ተመድቤ ስመጣ «ሁለት ዓመት ልቻልና እዛወራለሁ» ብዬ ነበር። ሰባተኛው ዓመት ሲገባ ሚስት አግብቼ፣ ልጅ ወልጄ፣ ሳምቡሳ ያለ ባስባስ፣ ያ ዓይን የሚያስለቅሰው የቃሪያ ማባያ ማለቴ ነው፣ አልበላም እስከማለት ደርሼ ነበር። የምኖረው ኤዶ ሐዋ ግቢ ተከራይቼ ነው። ኤዶ በሶማሊኛ አክስት እንደማለት ነው፤ የሰፈሩ ሰው ሁሉ እንዲህ ነው የሚጠራቸው። በራቸው ላይ ሻይ በወተት እየሸጡ፣ የተጣላ የሚያስታርቁ፣ ያጠፋ የሚገሥጹ ሴት ናቸው። እኔን «መዓሊን» ይሉኛል፤ መምህር ማለታቸው ነው። እስከዚያ ክረምት ድረስ ቃሉን በአክብሮት ነበር የሚጠሩት።

ሰፈራችን፣ ታችኛው ሰፈር፣ ምን ያልነበረው ነገር አለ? ጫት አለ፣ ባጃጅ አለ፣ የድንበር ሽቶ አለ… ውሃ ብቻ የለም። ቧንቧው በሳምንት አንድ ቀን ያስላል፣ ያጉረመርማል፣ ትንፋሹን ይለቅና ዝም ይላል። የቀረውን ቀን ከአህያ ጋሪ እንገዛለን። ባለቤቴ ደግሞ ዘነበች ትባላለች። አትሳቁ! በዚያ ዓመት ቤቴ ውስጥ የዘነበች እሷ ብቻ ነበረች። የመጀመሪያ ልጃችንን ከወለደች ገና ሁለት ወሯ ነው፤ የሕፃን ጨርቅ ደግሞ በምርቃት አይነጣም።

ትምህርት ሲዘጋ አንድ መሥሪያ ቤት «የሕዝብ እርካታ ጥናት» ሊያካሂድ ነውና ስታቲስቲክስ የሚያውቅ ይፈለጋል ተባለ። ከትምህርት ቤታችን «ስታቲስቲክስ» የሚለውን ቃል ምላሱ ሳይጠላለፍ የሚጠራው እኔ ብቻ ስለነበርኩ ተመረጥኩ። ሥልጠና ሰጡን፣ ቅጽ ሰጡን፣ ኮፍያ ሰጡን። አይ ኮፍያ! መንግሥት የሰጠው ኮፍያ አናት ላይ ሲቀመጥ አንገት ራሱ አቋቋሙን ይለውጣል። ራስ ሳይጠና ጉተና ማለት ያን ጊዜ እኔ ነበርኩ።

«ከመላሹ አፍ የወጣውን ብቻ ሙሉ!» አሉን አሠልጣኙ። «የራሳችሁን አስተያየት ጠብ እንዳታደርጉ!» በዚህ በኩል ከቧንቧችን ጋር አንድ ነበርኩ፤ ጠብ አላልኩም። ጥናቱ ለምን እንደሚጠና ግን አልነገሩንም። «ዓላማውን ካወቃችሁ ታዛባላችሁ» ተባልን። እኛም ሳናውቅ አዛባነው።

መጀመሪያ የሄድኩት ኤዶ ሐዋ ዘንድ ነው።

«ኤዶ፣ የውሃ አገልግሎቱን እንዴት ያዩታል?»

«ምን አልክ መዓሊን?»

«ውሃው! ውሃው እንዴት ነው?»

እጃቸውን ወደ ሰማይ ዘርግተው «አልሐምዱሊላህ!» አሉ።

ቅጹን አየሁት። «በጭራሽ አልረካሁም» ከሚለው ጀምሮ «በጣም ረክቻለሁ» እስከሚለው ድረስ አምስት ሳጥን አለው። አልሐምዱሊላህ የሚል ሳጥን ግን የለውም።

«ኤዶ፣ ከአምስቱ አንዱን ይምረጡልኝ…»

«ልጄ፣ አላህ አንድ ነው፤ ምስጋናውም አንድ ነው። አምስት ምን ያደርጋል?»

እንግዲህ የሒሳብ ሰው አይደለሁ? እዚያው ቆሜ ማረጋገጫ ሠራሁ። ያልረካ ሰው አያመሰግንም። ኤዶ ሐዋ አመስግነዋል። ስለዚህ ኤዶ ሐዋ ረክተዋል። እጃቸውን ስለዘረጉ ደግሞ በጣም ረክተዋል! ምልክቴን አደረግኩ። በዚያች ሰዓት እግራቸው ሥር ሦስት ባዶ ጀሪካን ተደርድሮ ነበር፤ አይቼዋለሁ፣ አልዋሽም። ግን ጀሪካን ከአፍ የወጣ መልስ አይደለም። እኔ ራሴ ያን ዕለት ፊቴን ሳልታጠብ መውጣቴም የግል አስተያየቴ ነው።

በየቤቱ ዞርኩ። ነጋዴው «አልሐምዱሊላህ»፣ ሽማግሌው «አልሐምዱሊላህ»፣ ልጅ ያዘለችው «አልሐምዱሊላህ»! ውሃ በጋሪ የሚሸጠው አብዲ «አልሐምዱሊላህ!» ሲለኝ ግን፣ እውነት ለመናገር፣ ከልቡ ነበር።

የላይኛውን ሰፈር እንዲያጠና የተመደበው የሥራ ባልደረባዬ ሙሉጌታ ነው፤ የሚኖረውም እዚያው ነው። ይሄ ሰው ከፍራሹ ሳይነሣ፣ ጫቱን እየቃመ፣ ቅጹን በሙሉ በራሱ እጅ ሞላው! ሁሉም ላይ «በጭራሽ አልረካሁም»። ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ይሏችኋል ይሄ ነው።

«አታፍርም?» አልኩት።

«ሰፈሬ እኮ ነው። ውሃ እንደሌለ አውቃለሁ። ምን ያስጠይቀኛል?»

በሳይንስ ስም ታዘብኩት። ኮፍያዬን አስተካክዬ ጥዬው ሄድኩ።

ሦስት ሳምንት ቆይቶ፣ ከአሥር ሰዓት በኋላ፣ ጎረቤቱ ሁሉ ኤዶ ሐዋ በር ላይ ሻዩን ይዞ ተቀምጧል። ሬዲዮው ክፍት ነው። «የታችኛው ሰፈር ነዋሪዎች በውሃ አገልግሎቱ በእጅጉ መርካታቸውን ገለጹ!» አለ። አንድ ሽማግሌ ብርጭቆአቸውን መሬት አስቀመጡና፣

«ሌላ ታችኛው ሰፈር አለ እንዴ?» አሉ።

ሬዲዮው ቀጠለ። ለታችኛው ሰፈር ታስቦ የነበረው ቦኖ፣ ያ ሁላችን ስንመኘው የኖርነው የሕዝብ ውሃ መቅጃ፣ ቅሬታ ወደበዛበት የላይኛው ሰፈር እንዲዛወር ታቅዷል አለ። ያ ሁሉ ዓይን ቀስ እያለ ዞሮ ዞሮ ኮፍያዬ ላይ አረፈ። ምነው ያን ዕለት እንኳ ባላደረግኩት!

«መዓሊን» አሉ ኤዶ ሐዋ። «እኔ ረክቻለሁ አልኩህ?»

«ኤዶ… አልሐምዱሊላህ ብለዋል።»

«እኔ አላህን አመሰገንኩ! ቀበሌን አመሰገንኩ?»

ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል ይላል ያገሬ ሰው፤ እኔን የወሰደኝ የሌለው ውሃ ነው። ቤት ስገባ ዘነበች ወሬው ቀድሞኝ ደርሷታል። የሕፃኑን ጨርቅ ክምር በሳፋ አቀፈችና እግሬ ሥር አስቀመጠችው።

«በል፣ በእርካታህ እጠበው!»

በማግስቱ ዓይኔን በጨው አጥቤ (በምን ልታጠበው ታዲያ?) የጥናቱ ኃላፊ ቢሮ ገባሁ።

«ጌታዬ፣ ስህተት ተፈጥሯል። ሕዝቡ አልረካም።»

«ማን አለ?»

«ሕዝቡ።»

«ሕዝቡማ ረክቻለሁ ብሏል፤ ይኸው ፊርማህ ያለበት። አንተን ልመን ወይስ ሕዝቡን?»

እኔም ለጥቂት ጊዜ ሕዝቡን ልመን ብዬ ነበር፣ እግዚአብሔር ያሳያችሁ! ደግነቱ ነገሩ አልተዘጋም። በሁለት ሳምንት ውስጥ የማጣሪያ ጥናት አለ፣ ሌላ ጠያቂ ሁለቱንም ሰፈር ይዞራል፣ ቦኖውም እስከዚያ አይቆፈርም አሉኝ።

እየሮጥኩ መጣሁና ሰፈሩን ሰበሰብኩ። «ወገኖቼ፣ ከዛሬ ጀምሮ አልሐምዱሊላህ የለም!» ብል ግቢው ተናወጠ።

«አስተግፊሩላህ! ውሃ ጠፋ ተብሎ አምላክ ይካዳል?»

ኤዶ ሐዋ እጃቸውን አነሡና ዝም አሰኟቸው። «ለአላህ፣ አልሐምዱሊላህ። ለቀበሌ፣ ውሃ የለም። ያኛው ይቅደም፣ ይሄኛው ይከተል። አለቀ!»

ከዚያ በኋላ ሥልጠና ሆነ በየቀኑ። በር አንኳኳለሁ፣ «ውሃ እንዴት ነው?» እላለሁ። አልሐምዱሊላህ ላይ የሚያቆም ሰው ክፍሉን ይደግማል! ልጆቹ ሳይቀሩ እየዘለሉ «አልሐምዱሊላህ፣ ውሃ የለም!» ይሉ ጀመር። ከሥልጠናው የቀረው ባለ ጋሪው አብዲ ብቻ ነው፤ እሱንም ኤዶ ሐዋ ሻይ እንደሚከለክሉት ነግረው አመጡት።

ጠያቂዋ ሐሊማ የምትባል፣ ከደገሀቡር የመጣች፣ ሰው አክባሪ ልጅ ናት። ከሩቅ ሆኜ በየቤቱ ተከተልኳት። ነጋዴው አለፈ። ሽማግሌው አለፉ። አብዲ እንኳ ምራቁን ውጦ «ውሃ የለም» አለ። ኤዶ ሐዋማ ምን ልበላችሁ፣ ጀሪካኑን ገልብጠው አሳዩ! በአስተማሪነት ዘመኔ ተማሪዎቼ ሁሉ አንድ ላይ ሲያልፉ ያን ቀን ብቻ ነው ያየሁት። ደረቴ ሊፈነዳ ደረሰ። የቀረው የእኔ ቤት ነው። ቀድሜ ገባሁ፣ ሕፃኑን ታቅፌ ደጃፌ ላይ ተቀመጥኩ።

«ጋሼ፣ እንደምን ዋሉ?»

«ተመስገን!»

«ሕፃኑስ ደህና ነው?»

«ተመስገን!»

«እናቱስ ተጠናከሩ?»

«ተመስገን!»

«ውሃውስ?»

«ተመስገን ነው!»

ወይኔ… ወይኔ ሰውዬው! እስክሪብቶዋ ወርዶ ምልክቱን ሲያደርግ ሰማሁት።

«ቆይ፣ ቆይ እህቴ! እኔ እኮ እግዚአብሔርን ነው ያመሰገንኩት!»

«ይቅርታ ጋሼ» አለች አንገቷን ደፍታ። «ከመላሹ አፍ የወጣውን ብቻ እንድንሞላ ነው ያሠለጠኑን።»

የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም። ዘነበች ከውስጥ ሆና ትሳቅ ታልቅስ አልለየሁትም። ኤዶ ሐዋን ቀና ብዬ ማየት አቃተኝ፤ በእኔ አፍ ቦኖው ለሁለተኛ ጊዜ የሄደ መሰለኝ።

አልሄደም። የላይኛው ሰፈር ሰው ለመጀመሪያ ጊዜ በእውነት ሲጠየቅ ምን አለ መሰላችሁ? «አልሐምዱሊላህ!» አለ፣ አንድም ሳይቀር። ሙሉጌታ ጫቱን ትቶ አላሠለጠናቸውማ! እነሱም ውሃ እንደሌላቸው እኔም ሙሉጌታም እናውቃለን፤ ቅጹ ግን አያውቅም። ቦኖው ወደ እኛ ተመለሰ። ሙሉጌታ ለስንት ጊዜ አኮረፈኝ፤ እኔም ልናደድበት አልቻልኩም። ውሸቱ ከእኔ እውነት ይልቅ እውነት ነበረበት። ሪፖርቱ ስለ ሰፈራችን ሲጽፍ «ከአንድ ነዋሪ በስተቀር» የምትል ሐረግ ሰንቅሮባት ነበር።

ቦኖው የተከፈተ ዕለት ወረፋ አስከባሪ ሆነው የተመረጡት ኤዶ ሐዋ ናቸው። በጠዋት ሄጄ ሁለት ጀሪካኔን አስቀድሜ ተሰለፍኩ። ተራዬ ደረሰ።

«መዓሊን፣ ወደ ኋላ!»

«ለምን ኤዶ?»

«አንተ የረካህ ሰው ነህ። መጀመሪያ የጠማው ይቅዳ!»

አማርኛን እንዲህ አድርጎ ማን እንዳስተማራቸው እንጃ። እስክዛወር ድረስ በዚያ ቦኖ የመጨረሻው ቀጂ እኔ ነበርኩ። ወረፋው እንዴት ነበር ብትሉኝ… ተመስገን ነው። ግን አደራችሁን፣ እንዳትጽፉት!