የዙር መለኪያውና የሦስት ሰዓቱ ቀጠሮ

አሮጌ መኪና ያለው ሰው መለኪያ አያስፈልገውም። እንዲህ ስል የሚስቁብኝ አሉ፤ ይሳቁ። ለዓመታት የነዳኋት መኪናዬ ፍጥነቷን በመርፌ ነግራኝ አታውቅም። በሰዓት ስድሳ ኪሎ ሜትር ስትገባ የኋላው የግራ መስኮት መንቀጥቀጥ ይጀምራል። ሰባ ላይ መስኮቱ ዝም ይልና ጣሪያው ይረከበዋል። ሰማንያ ላይ ከተሳፋሪው ጉልበት ፊት ያለው ኪስ በገዛ ፈቃዱ ተከፍቶ ሊብሬውን ጭናችሁ ላይ ያስቀምጥላችኋል። ከሰማንያ በላይ ምን እንደሚሆን አላውቅም፤ ማወቅም አልፈልግም። ነዳጁን ዘንግ ነክሬ አያለሁ፤ የሞተሩን ሙቀት በአፍንጫዬ አሸታለሁ። ስድሳ መሆኑን በምን አወቅህ እንዳትሉኝ፣ አንድ ቀን ጓደኛዬ በአዲስ መኪናው ከጎኔ እየነዳ በጣቱ ቁጥር ሲያሳየኝ ነው የተማርኩት።

ደግሞ እኔ ብቻ አይደለሁም። ሸዋ ሮቢት ውስጥ የቆርቆሮና የምስማር ሱቅ ስላለኝ የአገሬን ሰው የመለካት ጠባይ ከእኔ በላይ የሚያውቀው የለም። ባለፈው አንድ ገበሬ መጥቶ «ከቤቴ በር እስከ ዋርካዋ የሚደርስ ሽቦ ስጠኝ» አለኝ። ዋርካዋን አይቻት አላውቅም። ቆርጬ ሰጠሁት። በሳምንቱ መጥቶ «ልክክ አለ» ብሎ መረቀኝ። እንዲህ ባለ አገር ሜትር ይዞ መዞር አንዳንዴ ሰውን ያለማመን ይመስላል።

ችግሩ፣ ይህ ሁሉ ዕውቀት ለሜዳ እንጂ ለዳገት የማይሆን መሆኑ ነው። የእኛን መንገድ የምታውቁት ታውቁታላችሁ። ከሸዋ ሮቢት በካናቴራ የተነሳ ሰው ደብረ ሲና ሲደርስ ጋቢ ይለምናል። መኪና ግን በተቃራኒው ነው፤ ብርዱ በጨመረ ቁጥር እሷ ትፈላለች። የእኔዋ አርማንያ ላይ መፍላት ልማዷ ነበር። ኮፈኗን ከፍቼ፣ ውሃ አፍስሼ፣ ድንጋይ ላይ ቁጭ ብዬ እስክትበርድ ስጠብቅ የአካባቢው ሰው በስሜ እየጠራ ሰላም እስኪለኝ ድረስ ተዋውቀናል። ይህም ቢሆን ግድ አልነበረኝም፤ የእህቴ ልጅ ደረጀ ባያፈቅር ኖሮ።

ደረጀ ያፈቀረው የደብረ ሲናን ልጅ ነው። ሰላማዊት ትባላለች። አባቷ አቶ ግዛቸው ዕድሜያቸውን በርዕሰ መምህርነት የፈጁ፣ ጡረታ ከወጡም በኋላ ደወል የሚጠብቁ የሚመስሉ ሰው ናቸው። ሽማግሌ ሆነን የተላክነው ሦስት ነበርን። ዋናው ተናጋሪ ጋሼ አያሌው የቀወት ገበሬና የሰፈራችን ታላቅ ናቸው፤ ሰባ አልፏቸዋል። ሁለተኛው ሐጂ እንድሪስ፣ ማሾ ነጋዴ፣ የጋሼ አያሌው የልጅነት ጓደኛ። ሦስተኛው እኔ፤ መኪና ስላለኝ።

ቀጠሮው ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ነበር። አርማንያ ላይ ፈላን፤ አምስት ሰዓት ላይ ደረስን። አቶ ግዛቸው በር ላይ ቆመው ሰዓታቸውን አዩ፣ ውሃ አጠጡን፣ «በሌላ ቀን» ብለው ሸኙን። ሁለተኛው ጊዜ አራት ሰዓት ተኩል ደረስን። ያን ቀን ውሃም አልቀረበም። «ሽማግሌ ሦስት ጊዜ ይመጣል፤ ወጉ ነው። ሦስተኛውንም እቀበላለሁ። ከዚያ በኋላ ግን ልጄን ሰዓት ለማያከብር ቤተሰብ አልሰጥም» አሉና በሩን ቀስ አድርገው ዘጉት። ቀስ ማለታቸው ነው የባሰብን። ደረጀ ከዚያ ወዲህ እህል አይወርድለትም ነበር። እህቴ በየቀኑ ሱቄ እየመጣች ምስማር እያገላበጠች ትሄዳለች።

በሚኒባስ ለምን አልሄዳችሁም ትሉኛላችሁ። ሚኒባስ ሲሞላ ነው የሚሄደው፤ መቼ እንደሚሞላ ደግሞ ሹፌሩም አያውቅም። በዚያ ላይ ጋሼ አያሌው «ሽማግሌ ከዶሮ ጋር ተጠጋግቶ ወጥቶ ሴት ልጅ አይለምንም» ብለው ቁርጡን ተናግረዋል።

መኪናዬን ይዤ ሰይድ ዘንድ ሄድኩ። ሰይድ የመኪና ኤሌትሪሻን ነው፤ ከዋናው መንገድ ዳር፣ ኒም ዛፍ ሥር ይሠራል። ነገሬን ሰምቶ መኪናዋን ወደ ዳገቱ አስነድቶኝ መለሰኝና ፈረደ።

«ጋሼ፣ መኪናዋ አላረጀችም። እርስዎ ነዎት የሚያፍኗት።»

«እኔ?»

«ሁለተኛ ማርሽ ስጠኝ እያለች ትለምንዎታለች፤ እርስዎ በሦስተኛ ድርቅ ይላሉ። ሞተሩ ዙር አጥቶ ይጨነቃል፣ ይግላል። እርስዎ ደግሞ ጨዋታ ይዘው አይሰሟትም። የሞተር ዙር መለኪያ ያለበት ክሩስኮት እናስገባላት። መርፌው ከሁለት በታች ሲወርድ ማርሽ ይቀንሱ፣ አራት ሲጠጋ ይጨምሩ። አብሽር፣ ታርማበርንም ቢሆን በፉጨት ይወጡታል።»

ክሩስኮት የሚሉት ከመሪው ፊት ያለውን የመለኪያ ሰሌዳ ነው። የእኔው ላይ የፍጥነቱ መርፌ ከሞተ ቆይቷል፤ የነዳጁ ተኝቷል፤ የሙቀቱ ከነመኖሩም ተረስቷል። በሕይወት የነበረው በቀኝ በኩል ያለው ትልቅ ክብ ሰዓት ብቻ ነበር። እሱ ግን አንዲት ደቂቃ አይዛነፍም። ጋሼ አያሌው ዓይናቸው ስለደከመ የስልክን ቁጥር ማየት አይሆንላቸውም፤ ከጎኔ በተቀመጡ ቁጥር አንገታቸውን ሰገግ አድርገው እሱን ነበር የሚያዩት።

ተለዋጩ ሰሌዳ ከአዲስ አበባ፣ ከሶማሌ ተራ በሚኒባስ ተጭኖ መጣ። ሰዓቱ በነበረበት ቦታ ከዜሮ እስከ ስምንት የተቆጠረ ክብ መለኪያ አለበት፤ አንድ ቀይ መርፌ። «ሰዓትዎ ግን ቀረ ጋሼ» አለኝ ሰይድ። «ስልክ የሌለው ማን አለ» አልኩት። ይህችን ንግግሬን አስቡልኝ።

ሶኬቱ ከሶኬት አልገጥም አለ። ሰይድም ሽቦዎቹን አንድ በአንድ በመብራት እየፈተነ ማገጣጠም ጀመረ። ቀለማቸው በሙቀትና በአቧራ ጠፍቶ ሁሉም አንድ ስለሆኑ በእያንዳንዱ ላይ ነጭ ፕላስተር እየለጠፈ የአገር ስም ይጽፍበታል። ነዳጁ ካራቆሬ ተባለ። ሙቀቱ አሊዩ አምባ። ለካንዴላዎቹ እሳት ከሚሰጠው ቦቢና ተነስቶ፣ የሞተሩን ግድግዳ አልፎ ዙር መለኪያው ላይ የሚደርሰው አዲስ ሽቦ ደብረ ሲና ሆነ። መብራቱ ሁሉ ተመልሶ የሚገባበት፣ ከመኪናዋ ብረት ጋር የሚታሰረው ሽቦ ደግሞ ሸዋ ሮቢት።

«ለምን ቁጥር አትጽፍባቸውም?»

«ቁጥር እረሳለሁ ጋሼ። አገሬን የት እረሳዋለሁ?»

አስነሳን። ፍሬቻ ሳበራ ነዳጁ ሞላ፣ ጎደለ፣ ሞላ፣ ጎደለ። የፊት መብራት ሳበራ ቆማ ያለችው መኪና የሙቀት መርፌዋ ቀዩ ላይ ወጣ። የዙር መርፌው እየዘለለ ይጨፍራል። እኔ ላብ አጠመቀኝ። ሰይድ ግን ከሥር ተጋድሞ አየና ሳቀ፦ «ወላሂ ሁሉም ደህና ነው፤ ሸዋ ሮቢት ላልታ ነው!» ብረቱን ፍቆ፣ ቡሎኑን አጥብቆ፣ በናስትሮ ጠቀለለው። መርፌዎቹ ሁሉ አደብ ገዙ። እንዴት ደስ እንዳለኝ! ሱቄን ዘግቼ ከተማዋን ሁለት ጊዜ ዞርኩ፤ ዓይኔን ከመርፌው ሳልነቅል፣ አንድ ባጃጅ ለጥቂት ሳልገጭ ቀርቼ።

እሑድ ጠዋት፣ ለዚያው የሦስት ሰዓት ቀጠሮ፣ ሞተሩን አስነስቼ ሽማግሌዎቼን አሳፈርኩ። ጋሼ አያሌው ከፊት፣ ሐጂ ከኋላ። ጋሼ አንገታቸውን ሰገግ አደረጉና «ገና አንድ አልሞላም፤ ጎሽ!» አሉ። መርፌው እውነትም ከአንድ ትንሽ ዝቅ ብሎ ነበር። ቆማ የምትሠራ መኪና ዙሯ እዚያ ነው። ሰዓቱም እንዳጋጣሚ ለአንድ ጉዳይ ነበር። ሰይድ አስረድቷቸው ይሆናል ብዬ ኮራሁ።

እኔ ያን ጊዜ ያልገባኝን ለእናንተ አስቀድሜ ልንገራችሁ። ጋሼ አያሌው ያዩት ሰዓት ነው። የድሮው ሰዓት በነበረበት ቦታ፣ በድሮው ልክ የተሠራ ክብ ነገር ካዩ ሌላ ምን ይበሉ? ሁለተኛው መርፌ የት እንደገባ ግር ብሏቸው ነበር፤ አሮጌ መኪና ስለሆነ አለፉት። ሜዳው ላይ አየት ሲያደርጉ ሁለት። ዳገቱን ስንጀምር፣ ሁለተኛ ማርሽ አስገብቼ በደስታ ሳጮኻት፣ ሦስት። ከፍ ብለን፣ ሦስት ተኩል።

ታዲያ ለምን አልተናገሩም? ይሉኝታ! ሁለት ጊዜ በእኔ መኪና ምክንያት አፍረዋል፤ ሁለቱንም ጊዜ አንድ ቃል አልተነፈሱም። አሁንም «ልጁ እንዲህ ደክሞ ሰሌዳ አስቀይሮ፣ ዳገት ላይ አረፈድክ ብዬ ቅስሙን ልስበረው?» ብለው ዋጡት። ሐጂ እንድሪስን እንዳይጠይቁ የሐጂ ስልክ ባትሪው ከወጣ ወዲህ ሰዓቱ ተስተካክሎ አያውቅም፤ ሐጂ ጊዜን የሚያውቁት በአዛን ነው።

አርማንያ ላይ ቆምኩ። አልፈላችም! የሙቀቱ መርፌ መሐል ላይ ተቀምጧል። ቢሆንም ለልማዴ ጀሪካኔን ይዤ ውሃ ልቀዳ ወረድኩ፤ እውነቱን ለመናገር ለወዳጆቼ አለመፍላቴን ላሳያቸው ነው። እኔ ስፎክር ጋሼ አያሌው በሐጂ ስልክ ደብረ ሲና አስደወሉ።

«አቶ ግዛቸው፣ አያሌው ነኝ። ዛሬም አረፈድን። ጥፋቱ የእኛ የሽማግሌዎቹ እንጂ የልጁ አይደለም። እግርዎ ላይ ወድቄ ይቅርታ እጠይቅዎታለሁ፤ በሩን ብቻ አይዝጉብን።»

አቶ ግዛቸው «ይምጡ» አሉ፤ ሌላ አልጨመሩም።

ስመለስ ሁለቱም ለቅሶ ቤት የተቀመጡ ይመስላሉ። «ምነው ጋሼ? አልፈላችም እኮ!» አልኩ። «ንዳ ልጄ፤ ዝም ብለህ ንዳ» አሉኝ። ሐጂ ከኋላ «ያ አላህ» ይላሉ። ተጣልተው ይሆናል ብዬ መርፌዬን እያየሁ ቀጠልኩ።

ሦስት ሰዓት ሊሆን ሃያ ደቂቃ ሲቀረው በሩ ላይ ደረስን። አቶ ግዛቸው ቆመው ይጠብቁናል። ጋሼ አያሌው ወረዱ፣ ጋቢያቸውን አጣፉ፣ ያን ለማንም ጎንበስ ብሎ የማያውቅ ወገባቸውን አጎንብሰው «ስላረፈድን ይቅርታ ያድርጉልን» አሉ። ሐጂም ቆባቸውን በእጃቸው ይዘው «አፉ ይበሉን» አሉ። እኔ አፌን ከፍቼ ቀረሁ።

አቶ ግዛቸው ሰዓታቸውን አዩ። ወደ ጆሯቸው አስጠጉት። እንደገና አዩት።

«ስንት ዓመት የትምህርት ቤት በር ላይ ቆሜያለሁ» አሉ። «አርፍዶ ሰበብ የሚደረድር ተማሪ አይቻለሁ፣ አርፍዶ የሚቆጣ መምህር አይቻለሁ። ቀድሞ ደርሶ አረፈድኩ ብሎ ይቅርታ የሚጠይቅ ሰው ግን አይቼ አላውቅም። ለእናንተ ቀጠሮ ማለት እንዲህ ከሆነ፣ እኔ ነኝ ሁለት ጊዜ የበደልኳችሁ።»

ጋሼ አያሌው ምን እንደተባለ አልገባቸውም፤ ግን ሲመሰገኑ የማቋረጥ ልማድ የላቸውም። ገባን። ሌላ ሰው ቢሆን ዘመድ ላማክር፣ ለወሩ ተመለሱ ይል ነበር። አቶ ግዛቸው ገና ሳንቀመጥ «ልጄን ሰጥቻለሁ» አሉ፤ ቃሉን ሳይጨርሱ የሰላማዊት እናት ከጓዳ እልልታውን አቀለጡት። ለደረጀ ደወልኩለት። ስልኩ ላይ አለቀሰ። እኔም አለቀስኩ፤ ምን አሳፈረኝ።

ቁልቁል ስንመለስ ጋሼ አያሌው አንገታቸውን ሰገግ አደረጉ። «አንተ! ሰዓትህ ወደ ኋላ ይሄዳል እኮ! ስንወጣ ሦስት ተኩል አልነበር፤ አሁን ሁለት ይላል?»

ያኔ ሁሉም ተገለጠ። ዳር ይዤ ቆምኩና ሳቅሁ፤ ሐጂ እንድሪስ ዕንባቸው እስኪፈስ ሳቁ። ጋሼ አያሌው ግን አልሳቁም። ሜዳው ስንገባ ወደ እኔ ዞሩ።

«እንግዲህ ሳላጠፋ ነው ይቅርታ የጠየቅሁት?»

«አዎ ጋሼ።»

«እኔ እኮ አጥፍቼም ይቅርታ ብዬ አላውቅም።» ትንሽ አሰቡ። «ለካ እንዲህ በር ያስከፍታል? ብርቄንስ ብሞክራት?»

እትዬ ብርቄ ባለቤታቸው ናቸው። ጋሼ ቤት እንደገቡ ጋቢያቸውን ሳያወልቁ «ብርቄ፣ ይቅርታ አድርጊልኝ» አሏቸው። እትዬ ብርቄ የያዙትን ወንፊት አስቀመጡ። «ምን አድርገህ?» «ምንም።» «ምንም?» በጋብቻቸው ዘመን ሁሉ እንዲህ ያለ ነገር ሰምተው አያውቁም።

በማግስቱ ጠዋት እትዬ ብርቄ ሱቄ መጥተው ባንኮኒውን ተደገፉ። «እውነቱን ንገረኝ። ደብረ ሲና የወጣችሁት ለማን ሴት ልትለምኑ ነው?»

«ለደረጀ ነዋ እትዬ።»

«እንግዲያው ደረጀ ይቅርታ ይጠይቀኝ! አያሌው ምን አድርጎ ነው የሚጠይቀኝ?»

ከመጀመሪያው ጀምሬ አስረዳኋቸው፤ ስለ ቦቢናው፣ ስለ ዙሩ፣ ስለ ቀዩ መርፌ፣ ሰዓት ስለመሰለው መለኪያ። አንዲትም ቃል ሳልቀንስ፣ አንዲትም ሳልጨምር። እስከ መጨረሻው አዳመጡኝ። ከዚያ ነጠላቸውን አስተካክለው ከላይ እስከ ታች አዩኝ።

«ሦስት ትልልቅ ሰዎች ተቀምጣችሁ ከዚህ የተሻለ ውሸት አጣችሁ?» አሉኝ።

እውነት ለመናገር፣ አልነበረንም።