ፋኑኤል ሊሰማው የማይገባው የፋኑኤል ሽኝት

እሑድ ሰኔ 12 ቀን 1997 ዓ.ም. ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት፤ ናይሮቢ፣ ሳውዝ ሲ፣ በአቶ ታዴዎስ ምግብ ቤት የጓሮ ክፍል።

የተገኙ፦ አቶ ታዴዎስ (ሰብሳቢ)፤ ባለቤታቸው ወ/ሮ እህተማርያም፤ ጊጊሪ አንድ የእርዳታ ድርጅት ውስጥ የምትሠራው ሉሊት። ሦስቱም አባላት ስለተሟሉ ስብሰባው ተከፈተ። ጸሐፊ፦ የፊልም ኤዲተሩ ፋኑኤል። ጸሐፊ ድምፅ የለውም።

አጀንዳ 1፦ ዱባይ ሥራ ላገኘው ለፋኑኤል በድብቅ የሽኝት ፊልም ስለማዘጋጀት።

ሉሊት፣ ድብቅ ከሆነ ለምን እሱ ይጽፋል ስትል ጠየቀች። ሰብሳቢው ጽሑፉ የሚነበብ ሌላ ሰው እንደሌለ አስረዱ። ከረዥም ውይይት በኋላ ጸሐፊው ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ፣ ሳይሰማ እንዲጽፍ ተወሰነ። ሉሊት "ሳዋ" ብላ በስዋሂሊ ተስማማች። ጸሐፊው ዞረ። ግድግዳው አረንጓዴ ነው። ጸሐፊው ለዱባይ መልስ የሚሰጠው ነገ ነው። እስካሁን እሺ አላለም። የጠየቀውም የለም።

ኤዲት የሚያደርግ ሌላ ሰው ስለታጣ፣ ፊልሙ የማን እንደሆነ ሳይነገረው ራሱ ፋኑኤል እንዲሠራው ተወሰነ።

አጀንዳ 2፦ የፋኑኤልን ሥራዎች ስለመዘርዘር።

ሠርግ፣ መዝሙር፣ የሳሙና ማስታወቂያ፣ የመኪና መንዳት ትምህርት፣ የሉሊት መሥሪያ ቤት የውኃ ጉድጓድ ፊልም። ወ/ሮ እህተማርያም፣ "ሠርጌ ላይ አንዴ ነው የሳቅኩት፤ እሱ ፊልሙ ላይ ስድስቴ አሳቀኝ፤ እግዜር ይስጠው" ሲሉ ምስጋናቸውን አስመዘገቡ። ሰብሳቢው ግን በጉድጓዱ ምረቃ ላይ የሚሰማው እልልታ ከሠርጋቸው የተወሰደ የአክስታቸው እልልታ ነው በማለት ቅሬታ አቀረቡ። ሉሊት፣ ለጋሾቹ በዚያ እልልታ ሁለተኛ ጉድጓድ መፍቀዳቸውን ገለጸች። ቅሬታው ወደ ኩራት ተለወጠ።

አጀንዳ 3፦ ምስል ስለማሰባሰብ።

ሉሊት ካሴቶቹን ሁሉ ማየቷን፣ ፋኑኤል ግን በአንዱም ውስጥ አለመኖሩን ሪፖርት አደረገች። ኬክ ሲቆረስ አንድ ክርን ይታያል። ሰብሳቢው ክርኑ የእሳቸው መሆኑን አረጋገጡ። ዝምታ። ጸሐፊው ዝምታ እንዴት እንደሚመዘገብ አያውቅም፤ ሥራው ላይ ቆርጦ ነው የሚጥለው።

ሰብሳቢው፣ ፋኑኤል እንዲገባበት ሠርጋቸው እንደገና ይደረግ አሉ። ወ/ሮ እህተማርያም፣ "ታዴ፣ ሁለተኛ አላገባህም። ያኔም ተለምኜ ነው" ብለው ተቃወሙ። ሐሳቡ በድምፅ ብልጫ ወደቀ።

ቀጥሎ ወ/ሮ እህተማርያም አጀንዳ ላይ ያልነበረ ጥያቄ ወደ ግድግዳው አቀረቡ፦ "አንተ ልጅ፣ መሄድ ትፈልጋለህ እንዴ?" ጸሐፊው መስማት እንደተከለከለ አስታወሰ። ደገሙለት። እስክሪብቶው ቆመ።

የመጨረሻ ውሳኔ፦ ያለ ምስል ፊልም፣ ያለ ፊልም ሽኝት፣ ያለ ሽኝት መሄድ ስለማይቻል፣ ከላይ የተወሰነው ሁሉ፣ ግድግዳው ጭምር፣ ተሽሮ ፋኑኤል እዚሁ እንዲቆይ ሉሊት ሐሳብ አቀረበች። ሦስት አባላት በተገኙበት አራት እጅ ተነሣ። ሰብሳቢው እንደገና ቆጠሩ። አራት ነው።

አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ሲበተን፣ ሰብሳቢው ደንቡን ጠቅሰው ትርፉ እጅ ከቃለ ጉባኤው ተቆርጦ እንዲወጣ አዘዙ።

ጸሐፊው አልቆረጠውም።