ካልተለመኑ የማይመቱት እትዬ ፀጋ

ካልተለመነ የማይበላ፣ ካልተለመነ የማይቀመጥ፣ ካልተለመነ ፎቶ የማይነሳ ሰው የሌለበት አበሻ ቤት ካለ አሳዩኝ። የወጡ ሽታ አንጀቱን እያላወሰው «አሁን በልቼ ነው የመጣሁት» ይላል። ወንበር ሲቀርብለት «ቆሜ ይሻለኛል» ይላል። እንዲህ ያለውን ሰው «ራበህ ወይ?» ብሎ መጠየቅ ወግ አለማወቅ ነው። መለመን ነው፣ እጁን መጎተት ነው፣ ከዚያም እንደገና መለመን ነው። የዚህ ወገን የሚኒሶታ ሊቀ መንበርና የበላይ ጠባቂ ክብርት እትዬ ፀጋ ናቸው።

እትዬ ፀጋ ኢገን ከተማ ውስጥ እኔ፣ ደረሰ የምባለው ጎረቤታቸው፣ ካለሁበት አፓርትመንት በላይ ባለው ፎቅ ይኖራሉ። ዌስት ሴንት ፖል በሚገኝ አንድ የአረጋውያን መጦሪያ ይሠራሉ። አልበላም ያለ ሽማግሌ ሲኖር የሚጠሩት እሳቸው ናቸው፤ ለምነው፣ አባብለው፣ ተቆጥተው ሳህኑን ባዶ ያስደርጉታል። ሌላውን መለመን ይችሉበታል። ለራሳቸው ሲሆን ግን «እሺ» የምትባለው ቃል ከአፋቸው የምትወጣው በስንት መከራ ነው።

ሃይዌይ አይነዱም፤ ራይድ ስጠኝ ማለትም አይሆንላቸውም። በረዶ ባደረ ጠዋት በሬን ያንኳኩና፣ «ደረሰ፣ ዛሬ ባሱ ሳይዘገይ አይቀርም አይደል?» ይላሉ።

«ላድርስዎታ።»

«ኧረ በፍጹም! ምን በወጣህ!»

«መንገዴ ነው እኮ፣ እትዬ ፀጋ።»

«ጋዝ እንዲህ ተወዶ? አይሆንም!»

«እባክዎ!»

«እንግዲህ ካልክ ምን አደርጋለሁ።» ይህን ሲሉ መኪናዬ ውስጥ ገብተው ቀበቶ አስረዋል።

ታዲያ በሁለት ሺህ አምስት መከር ላይ አንድ ቀን ከሥራ ሲመለሱ ቤታቸው ሳይገቡ በቀጥታ እኔ ጋ መጡ። ዓይናቸው ያበራል። «ደረሰ! በመዶሻ መታችው! ክሩን በመዶሻ! ደግሞ አይበጠስም፣ ይዘፍናል!»

ነገሩ ሲጣራ፣ ሚስ ሎይስ የተባሉ ዕድሜያቸው ሰማንያን የሚያንኳኳ ፈረንጅ መጦሪያው ድረስ መጥተው ለሽማግሌዎቹ ሀመርድ ደልሲመር ተጫውተው ነበር። ይህ ዕቃ በጠረጴዛ ላይ የሚጋደም፣ አናቱ ጠበብ ግርጌው ሰፋ ያለ የእንጨት ሳጥን ነው። ከዳር እስከ ዳር ክር ተወጥሮበታል፤ የሚመታውም ከማንኪያ በሚቀልሉ ሁለት የእንጨት መዶሻዎች ነው። ድምፁ ክራርና ደወል ተጋብተው የወለዱት ልጅ ይመስላል። ድሮ በሰሜን ጫካ ግንድ ሲቆርጡ የሚከርሙ ሰዎች ፒያኖ ተሸክመው መግባት ስላልቻሉ ማታ ማታ በዚህ ይጨፍሩ ነበር አሉ።

«ሞክሪው አለችኝ» አሉ እትዬ ፀጋ፣ ፊታቸው ጠቆር ብሎ። «'ኖ ኖ፣ ታንክ ዩ' አልኳት። ከዚያ ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? 'ኦኬ'! አንዴ እምቢ ብላት 'ኦኬ' ብላ መሣሪያዋን ጠቀለለች! ምን ዓይነት ሰው ናት?»

«ለካ ፈልገው ኖሯል?»

«ምነው አልፈልግ!»

በሚቀጥለው ጊዜ እኔው ራሴ መጦሪያው ድረስ ሄጄ ለሚስ ሎይስ «መማር ይፈልጋሉ» ብዬ ተናገርኩ። እትዬ ፀጋ ከአጠገቤ ቆመው «ኧረ ተወኝ፣ አታሳፍረኝ!» እያሉ መዶሻዎቹን ተቀበሉ።

ከዚያ ወዲያ ጣሪያዬ ሰላም አላገኘም። ሚስ ሎይስ አሮጌ ደልሲመራቸውን አዋሷቸው። ኖታ ብሎ ነገር የለም፤ ዜማው ከሽማግሌ ወደ ልጅ በጆሮ የመጣ ስለሆነ እሳቸውም የሚያስተምሩት በጆሮ ነው። ሚስ ሎይስ ይመታሉ፣ እትዬ ፀጋ ይደግማሉ። ቤታቸው ሲገቡ በመዶሻ፣ ወጥ እየሠሩ በማንኪያ፣ መኪናዬ ውስጥ ደግሞ በጣታቸው ዳሽቦርዱን ይደበድባሉ። ሂተር አየሩን ሲያደርቀው ቅኝቱ ይወርዳል ብለው በሚኒሶታ የጥር ወር ሂተር ዝቅ አድርገው ጋቢ ተከናንበው ይለማመዱ ጀመር። በዚያ ብርድ ለሙዚቃ ሲባል የሚንቀጠቀጥ ሰው ሳይ የመጀመሪያዬ ነው።

አንድ ቅዳሜ ጠዋት በሬን ሊሰብሩት ደረሱ። «ደረሰ! ትዝታ አለበት!»

«ምን ላይ?»

«ዕቃው ላይ ነዋ! ከአንዱ ረድፍ ሁለቷን ድምፅ ብቻ ዝለላት፤ ቁጭ ያለ ትዝታ ነው! ፈረንጆቹ አያውቁም እኮ!»

በነጠላ ጫማ ደረጃውን ሮጬ ወጣሁ። ጋቢያቸውን ወደ ኋላ ጣሉና አባታቸው ጢማቸውን ሲላጩ ያንጎራጉሯት የነበረችውን ግጥም የሌላት ዜማ መቱልኝ። እኔ መቼም ከሙዚቃ ጋር እምብዛም ነኝ፤ ያን ቀን ግን «ይድገሙት፣ ይድገሙት!» ብዬ ጮኽኩ።

«ይህችን ሚስ ሎይስ ሰምተዋታል?»

«የት ጠየቀችኝና?»

አሁን ወደ ዋናው መከራ ልግባ። ሚስ ሎይስና ጓደኞቻቸው እሁድ እሁድ ከሰዓት በኋላ ፍሮግታውን በሚባል ሰፈር ባለ አንድ ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት ክብ ሠርተው ይጫወታሉ፤ እትዬ ፀጋንም እኔ እየነዳሁ አደርሳቸው ጀመር። ወጉ ቀላል ነው። ተራው የደረሰው ሰው የወደደውን ዜማ ይጀምራል፤ የቀሩት እያዳመጡ ይከተሉታል። ሊያበቃ ሲል ጀማሪው አንድ እግሩን ከፍ ያደርጋል፣ ሁሉም አብረው ያቆማሉ፣ ተራው ወደሚቀጥለው ሰው ያልፋል። የሌላውን ሰው ዜማ እትዬ ፀጋ ከሁሉም ቀድመው ይይዙታል። የራሳቸው ተራ ሲደርስ ግን መዶሻዎቹን ጭናቸው ላይ ያስቀምጡና «ኖ ኖ፣ ጎ አሄድ» ይላሉ። ያ ምስኪን ፈረንጅ ሁሉ ፈገግ ብሎ «ኦኬ!» ይላቸዋል። ተራው ጺሙ ደረቱ ድረስ ወደሚወርደው ወደ ባለ ቫዮሊኑ ወደ ጌሪ ያልፋል።

ክረምቱ በዚህ አለቀ። ሁልጊዜ ስንመለስ መኪናው ውስጥ ይፈነዳሉ። «አንድ እንኳ 'ኧረ ተይ ፀጋ' የሚል ሰው ይጥፋ? ያ ሁሉ ሰው!»

«አንዴ 'እሺ' ቢሉስ?»

«ገና ሲጠሩኝ ዘልዬ? አይነ ደረቅ ልባል ነው?»

መጋቢት ላይ ሚስ ሎይስ አሪዞና ወዳለው ልጃቸው ጠቅልለው ሊሄዱ መሆኑን ተናገሩ። እትዬ ፀጋ ያን ቀን ዳሽቦርዱንም አልነኩት። «የአባቴን ዜማ ሳትሰማልኝ ልትሄድ ነው» አሉ። ነገሩን በእጄ መያዝ እንዳለብኝ የገባኝ ያኔ ነው።

የመጨረሻው እሁድ ጨዋታ ከመጀመሩ በፊት ሚስ ሎይስን ወደ ጥግ ወሰድኳቸው። በእኛ አገር የመጀመሪያው እምቢታ እምቢታ እንዳልሆነ፣ ሦስቴ መለመን ግድ እንደሆነ አስረዳሁ። «ኦ ማይ! እስከ ዛሬ ስንበድላት ከርመናል!» ብለው ደረታቸውን ያዙ።

የእትዬ ፀጋ ተራ መጣ። «ኖ ኖ፣ ጎ አሄድ» አሉ እትዬ ፀጋ።

«ፕሊዝ፣ ፀጋ!» አሉ ሚስ ሎይስና አንድ ጣታቸውን አወጡ። «ፕሊዝ!» ሁለት ጣት። «ፕሊዝ!» ሦስት። የቤት ሥራውን እንደጨረሰ ተማሪ ወደ እኔ ዞረው ሳቁ።

እትዬ ፀጋም ወደ እኔ ዞሩ፤ እሳቸው ግን አልሳቁም። «አስጠንተሃት ነው!» አሉ በአማርኛ። «ከልቧ መስሎህ ነው? በጣት እየቆጠሩ ልመና አለ?» ወዲያው ወደ ክቡ ዞረው «ኖ፣ ታንክ ዩ» አሉ፤ ይህኛው እምቢታ የእውነት ነበር። ጌሪ ቫዮሊኑን አገጩ ሥር አስገባ። እኔን መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስታዬ ነበር።

ሚስ ሎይስ እጃቸውን አንስተው ጌሪን አስቆሙት። ፈገግታቸው ጠፍቷል። ወንበራቸውን ወደ እትዬ ፀጋ አስጠጉና ቀስ ብለው፣ «ፀጋ፣ እኔ አርጅቻለሁ። ወደዚህ የምመለስ አይመስለኝም። የአንቺን ዜማ ሳልሰማ እንድሞት አልፈልግም» አሏቸው።

እትዬ ፀጋ ከወንበራቸው ብድግ አሉ። «ደረሰ! በሞቴ አለችኝ እኮ! በሞቷ መጣችብኝ! አሁን ምን ብዬ እምቢ እላለሁ?»

ተቀምጠው መዶሻዎቹን ያነሱበት ፍጥነት! ያ ዜማ በዚያ ምድር ቤት ውስጥ ሲፈነጥዝ ግድግዳው የሚከፈት መሰለኝ። አንድ ዙር ብቻቸውን መቱ። በሁለተኛው ጊታሩ ገባ። ጌሪ የሚዘለሉትን ድምፆች እስኪለይ ትንሽ ተንገዳገደ፤ ሲይዘው ግን በደስታ ጮኸ። ሚስ ሎይስ ዓይናቸውን ጨፍነው ሲያዳምጡ ቆይተው በራሳቸው መዶሻዎች ከሥር ገቡበት፤ መምህርና ተማሪ እኩል ሄዱ። እኔም ምንም የማልመታው ሰውዬ ጉልበቴን ስደበድብ፣ ትከሻዬም ያለ ፈቃዴ ሲነሳ ራሴን አገኘሁት። እትዬ ፀጋ እግራቸውን ከፍ አድርገው ሲያቆሙ ሚስ ሎይስ እንባቸውን እየጠረጉ «አንዴ ብቻ ድገሚው» አሉ። ደገሙላቸው፤ ልመና አልጠበቁም።

ሚስ ሎይስ ሄዱ፤ ያዋሱትንም ደልሲመር በዚያው ተዉላቸው። በሚቀጥለው ሳምንት እትዬ ፀጋ ደወሉልኝ። «ደረሰ፣ ጌሪ ለካ እዚሁ ኢገን ነው የሚኖረው። እሁድ እሱ ይወስደኛል። አብረኸን ትሄዳለህ?»

«አይ፣ ይቅርብኝ፤ እናንተ ሂዱ» አልኩና ጠበቅሁ።

«ኦኬ፣ ባይ!» ብለው ዘጉት።

እሁድ ከሰዓት በኋላ ቤቴ ጭር አለብኝ። ቴሌቪዥን ከፍቼ ዘጋሁ፤ መኪናዬን ሳያስፈልጋት አጠብኩ። ምን እደብቃለሁ፣ እኚያን ሴትዮ እወዳቸዋለሁ፤ ናፈቁኝ። መኪናዋን አስነስቼ ፍሮግታውን ሄድኩ። ስገባ ጨዋታው ደርቷል፣ ወንበሩ ሁሉ ተይዟል። እትዬ ፀጋ መምታታቸውን ሳያቆሙ ቀና ብለው አዩኝ። ዜማው ሲያልቅ ከጎናቸው ካለው ወንበር ላይ ካፖርታቸውን አነሱና፣ «ምነው ዘገየህ?» አሉኝ።